ባለ አራት ክሩ

«ሰው ካልሞተ ወይም ካልሄደ አይመሰገንም» ይላል ያገራችን ሰው። አባባሉ ወቀሳ ነው፤ በቁም ሳለን ለመመሰጋገን ንፉጎች መሆናችንን ይወቅሳል። ይሁን እንጂ በውስጡ አንድ የተስፋ ቃል አለ። ቢያንስ በሞትህ ዕለት ትመሰገናለህ ይላል። እኔ ግን ሞቶም ሳይመሰገን የቀረ ሰው አውቃለሁ። ይህን ጽሑፍ እንድጽፍ ያስገደደኝም ምስጋናውን ያስቀረሁበት ሌላ ማንም ሳይሆን እኔው ራሴ መሆኔ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት ዲላ ከተማ ውስጥ አንድ ሰው አረፈ። ከሰላሳ ዓመት በላይ በቡና ሚዛን ላይ የኖረ ሰው ነው። የጌዴኦ ገበሬ በመኸር ወራት እሸት ቡናውን በጆንያ ተሸክሞ ሲመጣ የሚመዝነው፣ ኪሎውንም ጮክ ብሎ የሚጠራው እሱ ነበር። ዕድርተኛው ተሰብስቦ «የሕይወት ታሪኩን ማን ይጻፍልን?» ሲባል ጣት ሁሉ ወደ እኔ ተቀሰረ። ጡረታ የወጣሁ መምህር ነኝ፤ ብዕር ይሆንለታል ይሉኛል፤ የወጣትነት ዘመኔንም አብሬው አሳልፌያለሁ። ሌሊቱን ቁጭ ብዬ ጻፍኩት። የትና መቼ እንደተወለደ፣ እስከ ስንተኛ ክፍል እንደተማረ፣ ሚዛን የማያጋድል ታማኝ ሠራተኛ እንደነበር፣ ስንት ልጆችና የልጅ ልጆች እንዳፈራ አንድም ሳላስቀር ዘረዘርኩ። በማግሥቱ ቤተ ክርስቲያኑ ደጃፍ ተነበበ። ሰው አለቀሰ። «ጥሩ አድርገህ ጽፈኸዋል» ተባልኩ።

በሠልስቱ ዕለት ድንኳን ውስጥ ተቀምጬ ሳለ ሴት ልጁ ቡና ይዛልኝ መጣች። ስኒውን ስታቀብለኝ ጎንበስ አለችና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣

«ጋሼ፣ ጊታሩንስ?» አለችኝ።

መልስ አልነበረኝም። ቡናውንም እንዴት አድርጌ እንደጠጣሁት አላስታውስም።

* * *

በ1970ዎቹ መጀመሪያ፣ እንደሌላው የአገሪቱ ከተማ ሁሉ፣ በዲላም ኪነት ነበር። ሟቹን እኛ የቡድኑ ታናናሾች «ጋሼ» እንለው ነበር፤ ተመልካቹ ደግሞ «ባለ አራት ክሩ» ይለዋል። ቤዝ ጊታር መቺ ነበር። እኔ ዘፋኝ ነበርኩ። ከመዝሙሮቹ በኋላ ሰዓት ከተረፈ የፍቅር ዘፈን ይፈቀድ ስለነበር፣ በአሥራ ስምንት ዓመቴ የከተማው ኮረዳዎች በስሜ የሚጠሩኝ ሰው ሆኜ ነበር። እሱ ከኋላ፣ ከድራሙ አጠገብ፣ መብራቱ በማይደርስበት ጥግ ይቆማል። ዓይኑን ከእኛ አይነቅልም፤ ተመልካቹን ግን አንድም ቀን ቀና ብሎ ሲያይ አላየሁትም።

አዲስ ክር መግዛት የማይታሰብ ነበር። ክሮቹ አርጅተው ድምፃቸው ሲደነዝዝ ይፈታቸውና በድስት ውሃ ይቀቅላቸዋል፤ ላብና ቆሻሻው ሲለቅ ድምፁ ለጥቂት ጊዜ ይመለሳል። ባለቤቱ አንድ ቀን የድስቱን ክዳን ከፍታ «ዛሬ ምሳችን ሽቦ ነው እንዴ?» ማለቷ ለዓመታት መሳቂያችን ሆኖ ኖሯል።

አንድ ምሽት ይርጋ ጨፌ ወርደን በአንድ አዳራሽ ስናሳይ የሆነውን ልንገራችሁ። በባቲ ቅኝት የተሠራ አንድ ዘፈን ነበረኝ። ሰው ሞልቷል፤ ጄኔሬተሩ ከውጭ ይጮኻል፤ እኔ ደግሞ አንዲት ልጅ አይቼ ልቤ ሄዷል። መግባት ከሚገባኝ ቀድሜ ገባሁ። ዘፈን የሚያውቅ ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ ይረዳልኛል። እግርህን የምታሳርፍበት ደረጃ በድንገት እንደመጥፋት ያለ ነው። ኪቦርዱ ወደ አንድ ወገን፣ እኔ ወደ ሌላ ወገን ሄድን። በዚያች ቅጽበት ቤዙ ዘለለ። የቀረውን ምት ዋጠና እኔ ያለሁበት ድረስ መጣ። ድራሙ እሱን ተከተለ፤ ሌላውም ድራሙን ተከተለ። አዳራሹ ውስጥ ማንም ምንም አላወቀም። ጭብጨባው ለእኔ ነበር።

ሲመሽ በመኪናው ጀርባ ላይ ተጭነን ወደ ዲላ ስንመለስ ፍርሃቴ ገና አልለቀቀኝም ነበር። «ጋሼ፣ ይቅርታ» አልኩት። «ምን ሆነህ?» አለኝ። «መንገድ ጠፍቶህ ነበር፤ መጥቼ ወሰድኩህ።» ከዚያ ወዲያ አንድም ቀን አንስቶት አያውቅም።

እንግዲህ ይህን ሰው ነው ያለ ጊታሩ የቀበርኩት።

* * *

ለምን ረሳሁት? ለራሴ መጀመሪያ የሰጠሁት ምክንያት መልከ መልካም ነበር። ሙዚቀኛን «አዝማሪ» ብሎ የመናቁ የቆየ ልማድ ጨርሶ አልጠፋም፤ በቤተ ክርስቲያን ደጃፍ፣ በካህናትና በሽማግሌዎች ፊት፣ ቤተሰቡን ላሳፍር እችላለሁ ብዬ ነው አልኩ። ግን ውሸት ነበር። ብዕሬን ይዤ በተቀመጥኩበት ሌሊት ጊታሩን አስቤው፣ አመዛዝኜው፣ ከዚያ የተውኩት አይደለም። ጭራሽ አልመጣልኝም። ያ አዳራሽ፣ ያ ዘፈን፣ ያ ጭብጨባ በአእምሮዬ የተቀመጡት በእኔ ሕይወት መዝገብ ውስጥ ነው እንጂ በእሱ አልነበረም። የእሱን ቤዝ የእኔ ዘፈን አንድ ክፍል አድርጌ ነበር የምቆጥረው። የእኔን ታሪክ ሌላ ሰው ቢጽፍ ኖሮ፣ ዘፋኝ መሆኔን ሳይጠቅስ ቢቀር ምንኛ በተቀየምኩ!

ከዚህ በመነሳት የሚከተለውን ጥያቄ ለራሴም ለአንባቢም አቀርባለሁ፤ ሥራው ካልታየ ሰው ምን አለብን? ሥራውን ከሥር ሆኖ መሥራት ወዶ የገባበት ሰው፣ ስሙ ሳይነሳ ቢቀር በደል ተፈጽሞበታል ይባላልን?

ጥያቄውን ለመመለስ አስቀድሞ ቤዝ ምን እንደሚሠራ ማወቅ ይጠቅማል። ቤዝ ጊታር አራት ክር አለው። ከተራው ጊታር አንድ ኦክታቭ ዝቅ ብሎ ይቃኛል። ወፍራሙ ክር ሳይነካ ሲመታ በሰከንድ አርባ አንድ ጊዜ ያህል ይርገበገባል። ይህ የሰው ጆሮ ሊሰማው ከሚችለው ዝቅተኛ ድምፅ ብዙም የማይርቅ ነው። ለዚህም ነው ቤዝን ከጆሮ ይልቅ በደረት የምንሰማው። ሌላው መሣሪያ ዜማውን ሲያስጌጥ ቤዝ ሁለት ነገር ይናገራል። የት እንዳለን፣ መቼ እንደምንረግጥ። በጭክጭካው ምት ትከሻው የሚንቀጠቀጥ ሰው «የምትከተለው ማንን ነው?» ቢባል ዘፋኙን ወይም ከበሮውን ይጠራ ይሆናል እንጂ ቤዙን አይጠራም። ይሁንና ቤዙን በመሐል አቁሙትና እዩ፤ ጭፈራው ወለል እንደተነሳበት ቤት ይሆናል።

ከሁሉ የሚደንቀኝ ግን ይህ ነው። ያኔ ሙዚቃ የምንሰማው በትንንሽ ሬዲዮና በካሴት ማጫወቻ ነበር። መዳፍ የማታክል ድምፅ ማጉያ በሰከንድ አርባ አንድ ጊዜ የሚርገበገበውን ድምፅ ማውጣት አትችልም። የምታወጣው ከእሱ በላይ ያሉትን፣ ከዚያው ክር አብረው የሚወለዱትን ቀጫጭን ድምፆች ብቻ ነው። አእምሯችን ግን እነዚያን ሲሰማ የጎደለውን መሠረት ከራሱ ይሞላዋል። ይህ የድምፅ ሳይንስ ያረጋገጠው ነገር ነው። ስለዚህ በትንሿ ሬዲዮ ቤዙ ሳይኖር ቤዙን እንሰማው ነበር ማለት ነው። ጆሯችን ያልተሰማውን ሰው በቦታው ያስቀምጠዋል። ጆሮ የሚያደርገውን ብዕር ለማድረግ ለምን ይሳነዋል?

* * *

ይህ በዲላ ብቻ የሆነ ነገር አይደለም። በአሜሪካ ዲትሮይት ውስጥ ጄምስ ጃመርሰን የሚባል ቤዝ መቺ ነበር። በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ሞታውን የተባለው ኩባንያ ዓለምን ባስጨፈረባቸው እጅግ ብዙ ዘፈኖች ላይ የተመታው ቤዝ የእሱ ነው። ነገር ግን ኩባንያው በእነዚያ ዓመታት የሙዚቀኞቹን ስም በሸክላው ሽፋን ላይ አይጽፍም ነበር። ስሙ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1971 በወጣው የማርቪን ጌይ አልበም ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1983 ሞተ። ስለ እሱና ስለ ጓደኞቹ የተሠራው ዘጋቢ ፊልም የወጣው በ2002 ነው። ካልሞተ አይመሰገንም የሚለው ተረት የእኛ ብቻ አለመሆኑን ልብ ይሏል።

ወደ አገራችን እንመለስ። እ.ኤ.አ. በ1975 የማሕሙድ አሕመድ «ኧረ መላ መላ» ሲወጣ ያጀበው አይቤክስ ባንድ ነበር። ይኸው ሥራ እ.ኤ.አ. በ1986 በቤልጅየም አሳታሚ በኩል አውሮጳ ደርሶ የውጭውን ሰው ጆሮ ለኢትዮጵያ ሙዚቃ ከከፈቱት አንዱ ሆኗል። ማሕሙድን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ አለ ለማለት ይከብዳል። የዚያን ባንድ ቤዝ የመታውን የጆቫኒ ሪኮን ስም ግን ከአሥር ሰው ስንቱ ያውቃል? አይቤክስ በኋላ ሮሃ ባንድ ሆነ፤ ጆቫኒም እዚያው ነበር። የማሕሙድን፣ የኤፍሬም ታምሩን፣ የነዋይ ደበበን ካሴቶች ያደመጠ ትውልድ ሁሉ በእነዚያ ጣቶች ላይ ተራምዷል ብል ማጋነን አይሆንብኝም። በሰርጋችን ዕለት የጨፈርነው በሮሃ ባንድ ነው፤ የሰርጋችንን ፎቶ ግራፍ አንሺ ስም እንኳ ስናስታውስ የእነዚያን ጣቶች ባለቤት አናስታውስም።

ሌላም ታሪክ አለ። እ.ኤ.አ. በ1984 ዋሽንግተን ዲሲ ውስጥ አድማስ የተባለ አነስተኛ ባንድ ያቋቋሙ ወጣት ስደተኞች የማንንም ኩባንያ ደጅ ሳይጠኑ በራሳቸው አንድ ሸክላ አሳተሙ። ቴዎድሮስ አክሊሉ፣ አበጋዝ ክብረወርቅ ሽዮታ፣ ዩሱፍ ተስፋዬና ሄኖክ ተመስገን ነበሩ። ቤዙ የሄኖክ ነው። የሸክላውን ስም «ሰንስ ኦፍ ኢትዮጵያ»፣ ማለትም «የኢትዮጵያ ልጆች» አሉት። ያ ዓመት ዓለም ኢትዮጵያን በረሃብ ምስል ብቻ ያወቀበት ዓመት እንደነበር አንባቢ አይዘነጋም። እነሱ በዚያ ስም የአገራቸውን ዜማ ከሬጌ፣ ከሳምባና ከኤሌክትሮኒክ ፖፕ ጋር አዋሕደው አቀረቡ። የታተመው አንድ ሺህ ቅጂ ብቻ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2020 እንደገና ሲታተም፣ ሠላሳ ስድስት ዓመት ቆይቶ፣ ብዙ ሰው እንደ አዲስ ሰማው።

እኔን የሚገርመኝ ግን ከዚያ በኋላ ያለው የሄኖክ መንገድ ነው። ቦስተን በርክሊ የሙዚቃ ኮሌጅ ተማረ፤ ከብዙዎች ጋር ተጫወተ፤ በመጨረሻም ወደ አገሩ ተመለሰ። ከሙያ ባልደረቦቹ ጋር ሆኖ በጃዝአምባ ስም ወጣቶችን አስተምሯል። በዚሁ ስም ይጠራ የነበረው በጣይቱ ሆቴል ያለው የሙዚቃ ቤት በጥር 2007 ዓ.ም. በእሳት ወድሟል። ትምህርት ግን እንደ አዳራሽ አይቃጠልም። ቤዝ መቺ ሲያስተምር ደግሞ ያው ቤዝ መምታቱን መቀጠሉ ይመስለኛል። ተማሪው ከፊት ሲታይ አስተማሪው ከሥር ይሰማልና።

* * *

አሁን ወደ ክርክሩ እንግባ። አንዱ ወገን እንዲህ ይላል፤ «ሥራውን ሳያስወራ የሠራ ሰው ብፁዕ ነው። ቀኝህ የሰጠውን ግራህ አይወቅ ተብሏል። ስሙን ብትጠራበት ትሕትናውን ትነጥቀዋለህ። ደግሞስ ዛፍ ሁሉ ፍሬ ቢሆን ጥላ ከየት ይመጣል?» በጌዴኦ ምድር ለሚኖር ሰው ይህ ክርክር ቀላል አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2023 የዓለም ቅርስ ሆኖ የተመዘገበው የጌዴኦ መልክዓ ምድር የቆመው በዚሁ ሥርዓት ላይ ነውና። ቡናው ለብቻው አይተከልም። ከላይ ዋንዛው፣ ብርብራውና ኮርቹ ጥላ ይሰጡታል፤ በመሐሉ እንሰቱ ቆሞ ቤተሰቡን ይመግባል። የእንሰት ዋናው ሀብት የሚገኘው ዓይን በሚስበው ሰፊ ቅጠሉ ላይ አይደለም፤ ግንዱ ተፍቆ፣ ከመሬት በታች ያለው አሚቾ ወጥቶ ነው። ጆንያው ላይ «ይርጋ ጨፌ» ተብሎ ተጽፎ ባሕር ይሻገራል፤ ዋንዛው አይጻፍም። ታዲያ ዋንዛው ተበደለን?

አልተበደለም። ምክንያቱም ዋንዛ ልጅ የለውም። አባቷን ቀብራ «ጊታሩንስ?» ብላ የምትጠይቅ ልጅ የለችውም። ምሳሌው እዚህ ላይ ይሰበራል። ከዛፍ የምንማረው ስለ ሥራ ነው እንጂ ስለ ዕዳ አይደለም። ዛፍን ብናመሰግነው ባናመሰግነው ለእሱ ያው ነው። ሰው ግን ሲረሳ አንድ ነገር ይጎድልበታል፤ እሱ ሞቶ ባይሰማው እንኳ ከእሱ በኋላ በሚኖሩት ላይ ይጎድላል። ያቺ ሴት የአባቷን ግማሽ ሕይወት ይዛ፣ የሚመሰክርላት አጥታ ቀርታ ነበር።

ሁለተኛው ወገን ደግሞ «ይህ ሁሉ ብዝበዛ ነው» ይላል። «ዘፋኙ ስምና ገንዘብ ይወስዳል፤ አጃቢው የአንድ ሌሊት ሒሳብ ይቀበላል። ትሕትና የሚባለው ጮማ የሚቆርጠው ሰው አጥንት ለሚግጠው የሚሰብከው ስብከት ነው።» በዚህም ውስጥ ብዙ እውነት አለ። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከደራሲው ጎን ለከዋኙም መብት መስጠቱ፣ ነገሩ የደግነት ሳይሆን የፍትሕ ጉዳይ መሆኑን ያሳያል። ይሁን እንጂ ይህም ወገን አንድ ነገር ይስተዋል። ጋሼ ከኋላ የቆመው ማንም ገፍቶት አልነበረም። እዚያ መቆምን ይወደው ነበር። «ብዝበዛ» ብዬ ብቻ ባልፈው፣ ያንን ፍቅር ዐይነ ስውርነት አድርጌ ልቆጥርበት ነው፤ ይህ ደግሞ ሁለተኛ ንቀት ይሆናል።

በደራሼዎች ዘንድ የሚታወቀውን ፊላ ያየ ሰው ሌላ መንገድ እንዳለ ይገነዘባል። ጨዋታው በብዙ ሰው ይደረጋል። እያንዳንዱ በእጁ የያዘው የራሱን ድምፅ የምታወጣ የመቃ ዋሽንት ነው። ተራው ሲደርስ ይነፋል፤ ሳይደርስ ዝም ይላል። ዜማው የማንም ብቻ አይደለም፤ አንዱ ቢጎድል ግን በዜማው ላይ ቀዳዳ ይፈጠራል። እዚያ ማንም ከማንም በፊት አልተጠራም፤ ማንም ግን አልተረሳም። ሁሉም በክቡ ውስጥ ጎን ለጎን ይተያያልና። እንግዲህ ችግሩ ያለው ከሥር መሆን ላይ አይደለም። ችግሩ የሚመጣው መድረክ ሲሠራ፣ መብራት በአንድ ሰው ላይ ሲበራ ነው። መብራት ያበራ፣ መብራቱ ያላረፈበትን ሰው የማስታወስ ዕዳ አብሮ ይገባል።

የእኔ መልስ ከዚህ ይወጣል። ትሕትና የባለቤቱ ገንዘብ ነው፤ መረሳት ግን የሌላው ሰው ሥራ ነው። ጋሼ ስለ ራሱ ዝም ማለት መብቱም ክብሩም ነበር። እኔ ስለ እሱ ዝም ማለት ግን መብቴ አልነበረም። ሁለቱ ዝምታዎች ከውጭ ሲታዩ አንድ ይመስላሉ። አንዱ ስጦታ ነው፤ ሌላው ስጦታውን ተቀብሎ ሰጪውን መካድ ነው። «እሱ ራሱ መታየት አይወድም ነበር» እያልን የምናልፋቸው ሰዎች ስንት ናቸው? ሌሊት ተነስታ ሊጥ የምታቦካው እናት፣ የትምህርት ቤቱን ደወል በየጠዋቱ የሚደውለው ዘበኛ፣ ሚዛኑን የማያጋድለው መዛኝ! የእነሱን ትሕትና ለእኛ ውለታ ቢስነት መሸፈኛ አድርገነዋል።

* * *

ይህን በማሰላስልበት ሰሞን አንድ የሰፈሬ ወጣት መጣ። በሰርግና በምርቃት ድግስ የሚጫወት ባንድ ውስጥ ቤዝ ይመታል። የባንዱ ኃላፊ «የኪቦርዱ ግራ እጅ ቤዙን ይሸፍነዋል፤ አንድ ሰው ቀንሰን እንካፈል» ብሎታል። ነገሩ አዲስ አይደለም፤ ሲንቴሳይዘር ከገባ ወዲህ አንድ ሰው ብቻውን ባንድ መሆን ችሏል፤ ብዙ ቤዝ መቺም ጊታሩን ሰቅሏል። «ጋሼ፣ ልሽጠው ወይ?» አለኝ።

እንደ ሽማግሌ ሆኜ «ጥበብን አትክዳ» ልለው አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ግን በሰው ልጅ ረሃብ ላይ መፈላሰፍ ነውር ነው። «እንጀራህ ከሆነ ኪቦርዱንም ተማር» አልኩት። «ግን አትሽጠው።»

«ማን ይሰማኛል ብዬ ጋሼ? ባልኖርም የሚያውቅ የለም እኮ።»

የይርጋ ጨፌውን ሌሊት ነገርኩት። ኪቦርዱ ያን ሌሊት የራሱን መንገድ ይዞ እንደሄደ፣ መጥቶ የወሰደኝ ግን ሰው እንደነበር አስረዳሁት። መሣሪያ የታዘዘውን ምት በትክክል ይመታል፤ መንገድ የጠፋበት ሰው ያለበት ድረስ ግን አይመጣም። የሚመጣው እየሰማ ያለ ሰው ነው። ስለዚህ «ማን ይሰማኛል?» ለሚለው ጥያቄ መልሱን ሰጠሁት፤ «የአንተ ሥራ መስማት ነው። መሰማትህ የእኛ ሥራ ነው፤ እኛ አልሠራነውም።» ልጁ ተነስቶ ሄደ። ጊታሩን ሳይሸጠው እንደቀረ አውቃለሁ፤ በእኔ ቃል ይሁን ገዢ በማጣት ግን አላውቅም።

* * *

«አንተ ስም ይጠራ እያልክ የሰውየውን ስም እስካሁን አልነገርከንም» የሚለኝ አንባቢ እንዳለ እገምታለሁ። ትክክል ነው። ልጁ ናት የከለከለችኝ። በጽሑፍ ላወጣው ነው ስላት «ጋሼ፣ መጽሔት ላይ እንግዳ ከሚያነበው በፊት የሚያውቁት ሰዎች ይስሙት። ስሙ በሰፈሩ ይጠራ፤ እዚያው ይበቃል» አለችኝ። አባቷን ታውቀዋለች፤ እኔም ቃሏን አከበርኩ።

እናም በሙት ዓመቱ ዕለት ተነሳሁ። ከለገዳራ ወንዝ ወዲህና ወዲያ ያለው ሰው ሁሉ ተሰብስቦ ነበር። ከዓመት በፊት የጻፍኳትን ወረቀት አወጣሁና እንዲህ አልኩ፤ «ባለፈው ያነበብነው የሕይወት ታሪክ ጎደሎ ነበር። ያጎደልኩት እኔ ነኝ።» ከዚያ ሙሉ ስሙን ከነአባቱ ጠራሁ። በከተማችን ኪነት ውስጥ ቤዝ ጊታር ይመታ እንደነበር፣ እኔ የተጨበጨበልኝ ዘፈን ሁሉ በእሱ ትከሻ ላይ የቆመ እንደነበር፣ አንድ ሌሊትም መንገድ ጠፍቶኝ መጥቶ እንደወሰደኝ ተናገርኩ። ካህናቱ አልተቆጡም። ሽማግሌዎቹ አላፈሩም። ያን ያህል ዓመት የተሸከምኩት ምክንያት በአንድ ደቂቃ ውስጥ ባዶውን ቀረ።

ከወደ ኋላ ከተቀመጡት መካከል አንድ ያረጁ ልብስ ሰፊ ነበሩ። እጃቸውን ጆሯቸው ላይ አድርገው ሲያዳምጡ ቆይተው በመሐል ድምፃቸውን ከፍ አደረጉ።

«እንዴ! ያ ዱም ዱም የሚለው እሱ ነበር እንዴ?» አሉ። «እኔስ ያኔ ደረቴ ውስጥ ነበር የምሰማው፤ የራሴ ልብ ይመስለኝ ነበር።»

ሰው ሁሉ ሳቀ። ልጁ ግን አልሳቀችም፤ ቡናውን ትታ ቆማ ታለቅስ ነበር። ቀጥሎ ያለውን ማንበብ አቃተኝና ወረቀቱን አጥፌ ተቀመጥኩ።